ስለ ሕዝብ መሬት ጥበቃ፤ በፑንጃብ የተደፈነው የመንደር ኵሬና የተሰጠበት ፍርድ

መሬት ኹሉ ባለቤት አለው፤ ነገር ግን ባለቤቱ አንድ ሰው የኾነ መሬትና ባለቤቱ ሕዝብ የኾነ መሬት አጠባበቃቸው አንድ አይደለም። አንድ ሰው በይዞታው ላይ ጐረቤቱ አንድ ክንድ ያህል ቢገፋበት በዚያው ቀን ይጮኻል፥ ሽማግሌ ይጠራል፥ ወደ ዳኛ ይሄዳል። የመንደሩ ኵሬ፥ የከብቱ መዋያ፥ አውድማውና የሕዝቡ መንገድ በተገፋ ጊዜ ግን ኹሉም ያያል፥ ኹሉም ያዝናል፥ ከሳሽ ኾኖ የሚነሣው ግን ይጠፋል፤ እያንዳንዱ ሰው ነገሩን በሌላው ላይ ይጥለዋልና። የኹሉ የኾነው ነገር የማንም ሳይኾን እንዳይቀር መጠበቅ የሹም ሥራ ነው። ስለዚህ በሕዝብ መሬት ላይ ያለ ፈቃድ ቤት ተሠርቶ በተገኘ ጊዜ የሚነሣው ጥያቄ ሠሪው ማን ነው የሚለው ብቻ አይደለም፤ መሠረቱ ሲቈፈር ሹሙ ወዴት ነበረ የሚለውም ነው።

ይህን ነገር አጥርቶ ለመረዳት በሕንድ አገር በአንድ የገበሬ መንደር የደረሰውን መመልከት ይጠቅማል። ነገሩ ስለ አንድ ኵሬ ነው። ነገር ግን የክርክሩ አካሄድ በየትም አገር ያለ የወረዳ ሹም በየዕለቱ ሊያጋጥመው የሚችል ስለ ኾነ፥ ስሕተቱም እርማቱም ትምህርት ይኾናል። ከዚህ በታች ስለ ሕንድ አገር የሚጠቀሱት ዓመታት የተቈጠሩት እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር ነው።

የመንደሩ ኵሬ

ፑንጃብ ማለት በፋርስ ቋንቋ አምስት ውኃ ማለት ነው፤ ስሙም የወጣለት በአገሩ ከሚወርዱት አምስት ወንዞች የተነሣ ነው። በስንዴና በሩዝ እርሻ፥ በላምና በጐሽ ርቢ የታወቀ አገር ነው። በዚህ አገር ከጥንት ጀምሮ በየመንደሩ ለማንም ለብቻው ያልተሰጠ የጋራ መሬት አለ፤ ሻምላት ይሉታል። በሕንድ የጋራ መሬት ላይ ከብት ይሰማራል፥ እህል ይወቃል፥ ሕፃናት ይጫወታሉ፥ ሬሳ ይቃጠላል፥ ሕዝብ ይተላለፋል፤ ኵሬም ይቈፈራል። ይህን የመሰለው መሬት እንዳይሸጥና እንዳይለወጥ በልማድ ተጠብቆ የኖረ ነው።

በ1961 የወጣው የፑንጃብ የመንደር የጋራ መሬት ሕግ ይህን መሬት ግራም ፓንቻያት በሚባለው በመንደሩ ምክር ቤት እጅ አደረገው። በ7ኛው ክፍልም ያለ መብት በጋራ መሬት የገባውን ሰው ለማስወጣት የሚቀርበው አቤቱታ በኮሌክተር ዘንድ እንዲታይ ደነገገ። ኮሌክተር ማለት የአውራጃ ገዥ ሲኾን፥ የመሬትን ግብርና የመሬትን መዝገብ የሚቈጣጠር ሹም ነው።

በፓቲያላ አውራጃ ሮሃር ጃጊር የምትባል መንደር አለች። በዚህች መንደር በመንግሥት መዝገብ ኵሬ ተብሎ የተጻፈ መሬት ነበር። የመንደሩ ጐርፍ ወደዚህ ኵሬ ይወርዳል፤ ከብቱም ከዚሁ ይጠጣል፥ በዚሁም ይታጠባል። ኵሬው ለአላፊ አግዳሚው የቈሸሸ ጕድጓድ ሊመስለው ይችላል። ለመንደሩ ሰው ግን ሁለት ታላላቅ ጥቅሞች ነበሩት፤ በዝናም ጊዜ ውኃው ወደ ቤቱ እንዳይገባ ያርቅለታል፥ በበጋም ጊዜ ለከብቱ መጠጫ ያቈይለታል።

ሰዎች መጥተው በዚህ ኵሬ ላይ አፈር ደፉበት፥ በአፈሩም ላይ ቤት ይሠሩ ዠመር። ነገሩ ለፖሊስ ተመለከተ፤ ፍሬ ግን አልተገኘም። የመንደሩ ምክር ቤት በ1961ዱ ሕግ መሠረት ሰዎቹ እንዲወጡለት አቤቱታ አቀረበ። ይኹን እንጂ በዚያው ክርክር ውስጥ የበታች ሹማምንትና ራሱ የመንደሩ ምክር ቤት ከቤት ሠሪዎቹ ጋራ ተመሳጥረዋል የሚል ክስ ተሰማ። ቤቶቹም ክርክሩ ሲጓተት እየቆሙ ሄዱ።

የኮሌክተሩ ውሳኔና ስሕተቱ

የፓቲያላ ኮሌክተር በሴፕቴምበር 13 ቀን 2005 ውሳኔ ሰጠ። ሰዎቹ ለቤት መሥሪያ ብዙ ገንዘብ ስላወጡ፥ እነርሱን ማስወጣት ለሕዝብ ጥቅም አይኾንም አለ። ስለዚህ በመውጣት ፈንታ መንግሥት በተመነው የመሬት ዋጋ ልክ ገንዘብ ለመንደሩ ምክር ቤት እንዲከፍሉ አዘዘ።

ይህ ውሳኔ ላይ ላዩን ሲመለከቱት ርኅራኄም ጥበብም ያለበት ይመስላል። ቤት አይፈርስም፥ ሰው አይፈናቀልም፥ ለምክር ቤቱም ገንዘብ ይገባል። ብዙ ሹማምንት በእንዲህ ያለ ክርክር የሚሳቡት ወደዚሁ መንገድ ነው፤ ኹሉን ወገን ያስደሰቱ ይመስላቸዋልና። ነገር ግን ውስጡ ሲመረመር ሦስት ብርቱ ስሕተቶች ይገኙበታል።

1ኛ፤ ኮሌክተሩ የእርሱ ያልኾነውን ሸጠ። ኵሬው የኮሌክተሩ አይደለም፤ የምክር ቤቱም ቢኾን በአደራ እንጂ ለመሸጥ የተሰጠው አይደለም። አደራ ጠባቂ አደራውን ሸጦ ዋጋውን ለባለ አደራው ቢያስረክብ አደራ ጠበቀ አይባልም።

2ኛ፤ በገንዘብ የማይተካውን በገንዘብ ተካ። ከብት ከሣጥን ውስጥ ከተቀመጠ ብር አይጠጣም። ጐርፍም የሚወርድበት ስፍራ ሲደፈን መንገዱን ትቶ አይቀርም፤ ወደ ታችኛው ሰው ግቢ ይዞራል። ኵሬው በጠፋ ጊዜ ጕዳቱ የሚደርሰው ለኹሉም እኩል አይደለም፤ የራሱን የውኃ ጕድጓድ ማስቈፈር የሚችለው ባለጠጋ ይድናል፥ ሁለትና ሦስት ከብት ያለው ድኻ ግን መጠጫ ፍለጋ ይንከራተታል።

3ኛ፤ ቅጣትን ወደ ዋጋ ለወጠ። ሕግ ያፈረሰ ሰው የሚከፍለው ገንዘብ መሬቱን የሚያስገኝለት ከኾነ፥ ያ ገንዘብ ቅጣት መኾኑ ይቀርና የግዢ ዋጋ ይኾናል። ከዚህም የባሰው፥ ብዙ ገንዘብ ማውጣቱ ምክንያት ኾኖ የሚያድነው ከኾነ፥ ትልቅ ቤት የሠራው ከትንሽ ጐጆ ሠሪው ይልቅ ይድናል ማለት ነው። እንዲህ ያለ ውሳኔ በአንድ መንደር ሲሰማ የሌሎቹ መንደር ሰዎች ትምህርቱን ወዲያው ይረዱታል፤ ፈጥነህ ሥራ፥ በብዙ ገንዘብ ሥራ፥ ኋላም ዋጋህን ክፈል የሚል ትምህርት ነው።

የበላይ ዳኞች ያደረጉት እርማት

በኮሌክተሩ ውሳኔ ይግባኝ ማለት የሚገባው የመንደሩ ምክር ቤት ነበር፤ ነገር ግን ዝም አለ። ይግባኝ ያሉት ሌሎች ሰዎች ናቸው። የይግባኙ ሰሚ ኮሚሲዮኔር በዲሴምበር 12 ቀን 2007 የኮሌክተሩን ውሳኔ ሻረ። ምክር ቤቱ በውሳኔው ላይ አለመቃወሙንና ይግባኝ አለማለቱን ተመልክቶ፥ ከቤት ሠሪዎቹ ጋራ መመሳጠሩ ግልጥ ነው አለ። ኵሬውም የመንደሩ ኹሉ መገልገያ ስለ ኾነ ማንም ለብቻው ሊይዘው አይችልም ብሎ ወሰነ።

ቤት ሠሪዎቹ በዚህ ሳይረኩ ወደ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄዱ። በዚያም በ2010 መዠመሪያ በአንድ ዳኛ፥ ቀጥሎም በዚያው ዓመት በሁለተኛው ችሎት ተረቱ። በመጨረሻም ወደ ሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሱ። በዚያም ዳኛ ማርካንዴይ ካትጁና ዳኛ ጊያን ሱድሃ ሚስራ በጃንዋሪ 28 ቀን 2011 ይግባኙን ውድቅ አደረጉት።

የዚህ ፍርድ ዐሳብ በአጭሩ ሲነገር እንደሚከተለው ነው።

ሰዎቹ መሬቱን በጕልበት ወይም በገንዘብ ኀይል፥ ከሹማምንትና ከመንደሩ ምክር ቤት ጋራ ተመሳጥረው ያለ መብት የያዙ ናቸው። መሬቱ በመዝገብ ኵሬ ተብሎ እስከ ተጻፈ ድረስ ማንም ሊደፍነው፥ ማንም ሹምም የተደፈነውን ሊያጸድቀው አይችልም። የፑንጃብ መንግሥት በሴፕቴምበር 2007 ቤት የተሠራበትን የጋራ መሬት በዋጋ ለማጽደቅ የጻፈው ደብዳቤም ሕጋዊ ኀይል የለውም፤ የመንደሩ የጋራ ሀብት እንዲህ ባለ መንገድ ለግል ሰው ሊተላለፍ አይገባምና። ረዥም ዘመን መቀመጥ፥ ብዙ ገንዘብ ማፍሰስ ወይም ከባለሥልጣን ጋራ መወዳጀት መብት አይኾንም። የጥንት አባቶች በየመንደሩ ኵሬ ያስቈፈሩት የድርቅ ዓመት እንደሚመጣ ስለ ዐወቁ ነው፤ እነዚህ ኵሬዎች በየአገሩ እየተደፈኑ ቤት ስለ ተሠራባቸው የውኃ ችግር መጥቷል።

ፍርዱ በአንዲት መንደር ብቻ አልቀረም። ፍርድ ቤቱ የሕንድ ግዛቶች ኹሉ በመንደር የጋራ መሬት ያለ መብት የገቡትን ለማስወጣትና መሬቱን ለሕዝብ ለመመለስ ሥርዐት እንዲያዘጋጁ አዘዘ። ሥርዐቱም ሰውዬው የማይወጣበትን ምክንያት እንዲያቀርብ ማስታወቂያ የሚሰጥበትና በአጭሩ የሚሰማበት እንዲኾን አደረገ። የየግዛቱም ዋና ጸሓፊዎች የሠሩትን እንዲያስታውቁ ለሜይ 3 ቀን 2011 ቀጠረ። መሬቱን ማጽደቅ የሚቻለው ለጥቂት ጕዳይ ብቻ ነው አለ፤ ይኸውም በመንግሥት ማስታወቂያ መሠረት መሬት ለሌላቸው ሠራተኞች ወይም በሕግ ልዩ ጥበቃ ለተደረገላቸው ዝቅተኛ ወገኖች በኪራይ የተሰጠ ሲኾን፥ ወይም በመሬቱ ላይ ትምህርት ቤት፥ ሐኪም ቤት ወይም ሌላ የሕዝብ መገልገያ ተሠርቶበት እንደ ኾነ ነው። ከዚህ የሚታየው፥ ፍርዱ በቤት ሠሪው ላይ ቢጠነክርም በድኻው ላይ ዐይኑን የጨፈነ አለመኾኑን ነው።

ከዚህ በፊት የተፈረዱ ሁለት ፍርዶች

የሮሃር ጃጊር ፍርድ በድንገት የመጣ አይደለም። በ1999 ይኸው ጠቅላይ ፍርድ ቤት በላክናው ከተማ ስላለ አንድ የሕዝብ መናፈሻ ፈርዶ ነበር። የከተማው ማዘጋጃ ቤት ራሱ ከአንድ ሥራ ተቋራጭ ጋራ ተዋውሎ፥ በመናፈሻው መሬት ውስጥ ለውስጥ የገበያ አዳራሽ እንዲሠራ ፈቀደለት። ሥራው ብዙ ከሄደና ብዙ ገንዘብ ከወጣ በኋላ፥ ፍርድ ቤቱ የተሠራው ፈርሶ መናፈሻው እንደ ነበረው እንዲመለስ አዘዘ። የዚህ ፍርድ ትምህርት፥ የሹም ፈቃድ በእጅ መኖሩ ብቻ ሕገ ወጡን ሥራ ሕጋዊ እንደማያደርገው ነው፤ ሹሙ ራሱ ሊሰጠው የማይችለውን ከሰጠ የተቀበለው ሰው ምንም አልተቀበለም።

ሁለተኛው በ2001 በኡታር ፕራዴሽ ግዛት ስለ ሌላ የመንደር ኵሬ የተፈረደ ነው። በዚያ መንደር የኵሬው አንድ ወገን ስለ ደረቀ፥ ሹማምንቱ ለቤት መሥሪያ ለሰዎች አከፋፈሉት። ፍርድ ቤቱ የደረቀ ኵሬም ኵሬ ነው በማለት ክፍፍሉን አፈረሰ። ስለ ሰዎቹ አወጣጥ ግን በማስተዋል ፈረደ። ስድስት ወር ጊዜ ሰጣቸው፤ የቤታቸውን እንጨትና ድንጋይ ይዘው እንዲሄዱ ፈቀደላቸው፤ በተወሰነው ቀን ባይወጡ መንግሥት አፍርሶ መሬቱን እንዲረከብ፥ ከዚያም ኵሬውን እንዲያድስና እንዲጠብቅ አዘዘ። በዚህ ፍርድ ውስጥ ሦስቱም ነገሮች ተሟልተዋል፤ ቀኑ የተቈረጠ ትእዛዝ፥ ለሰው የሚገባ ርኅራኄ፥ መሬቱም ወደ ቀድሞ አገልግሎቱ መመለስ። ሦስተኛው ከተረሳ ግን የመዠመሪያዎቹ ሁለቱ ከንቱ ናቸው፤ የፈረሰ ቤት ፍርስራሽ ብቻ የቀረበት መሬት በኹለተኛው ዓመት ሌላ ቤት ይሠራበታልና።

ስለ ማስወጣት ሥርዐት

የሕዝብን መሬት ማስመለስ ይገባል ሲባል፥ ሹም በፈለገበት ሌሊት ተነሥቶ የሰውን ቤት ያፍርስ ማለት አይደለም። ሕገ ወጥ ቤትን በሕገ ወጥ መንገድ ያፈረሰ ሹም ሁለት ጥፋት በአንድ ስፍራ እንዲገኝ ያደርጋል። ይህም ነገር በዚያው በሕንድ አገር ተፈርዶበታል።

በ1981 በቦምባይ ከተማ በእግረኛ መንገድ ላይ ጐጆ ቀልሰው የሚኖሩትን ድኾች፥ በዝናም ወራት ለማስወጣት ታዘዘ። ነገሩ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቀርቦ በጁላይ 1985 ተፈረደ። ፍርድ ቤቱ ሁለት ነገሮችን አንድ ላይ አጸና። አንደኛው፥ የእግረኛ መንገድ ለመተላለፊያ የተሠራ ስለ ኾነ ማንም ቤት ሊሠራበት መብት የለውም። ሁለተኛው፥ ሰው የሚኖርበትንና እንጀራውን የሚያገኝበትን ስፍራ ማጣቱ ሕይወቱን የሚነካ ስለ ኾነ፥ ማስታወቂያ ሳይሰጠውና ቃሉ ሳይሰማ ሊወጣ አይገባም። የሚወጡትም ዝናሙ ካለፈ በኋላ፥ ከኦክቶበር 31 ቀን 1985 ወዲህ እንዲኾን ወሰነ።

ከዚያ ወዲህ በብዙ ዓመት፥ በኖቬምበር 13 ቀን 2024፥ ይኸው ፍርድ ቤት በየግዛቱ ሹማምንት በወንጀል የተጠረጠሩ ሰዎችን ቤት እንደ ቅጣት እያፈረሱ መኾናቸው በተከሰሰ ጊዜ፥ ቤት ከመፍረሱ በፊት የ15 ቀን ማስታወቂያ እንዲሰጥ፥ ባለቤቱም እንዲሰማ፥ የማፍረሱም ሥራ በሥዕል ተቀርጾ እንዲቀመጥ ደነገገ። በጐዳና፥ በእግረኛ መንገድ፥ በባቡር ሐዲድ አጠገብ፥ በወንዝና በውኃ ማጠራቀሚያ ላይ ያለ ፈቃድ የተሠራውን፥ እንዲሁም ፍርድ ቤት ራሱ እንዲፈርስ ያዘዘውን ከዚህ ደንብ ውጪ አደረገ። ይኹን እንጂ አስተዋይ ሹም ይህ መለየት ከማስታወቂያ ነጻ አወጣኝ ብሎ አይመካበትም፤ ስለ መንደር የጋራ መሬት የ2011ዱ ፍርድ ራሱ ማስታወቂያና መስማት እንዲኖር አዟልና።

ከእነዚህ ፍርዶች ኹሉ አንድ ነገር ይወጣል። የሕዝብ መሬት ክርክር የሚረታው በመዠመሪያው ቀን ነው። በመዠመሪያው ቀን በመሬቱ ላይ ያለው አንድ ክምር አፈርና አራት ችካል ነው፤ ለማንሣት አንድ ማስታወቂያና የአንድ ቀን ሥራ ይበቃል፥ የሚጐዳም ሰው የለም። በዓመቱ ጭቃ ቤት ይቆማል፥ በሦስተኛው ዓመት ቈርቈሮ ይለብሳል፥ በዐምስተኛው ዓመት ልጆች ይወለዱበታል፥ ቤቱም ተሸጦ ነገሩን ወደማያውቅ ሌላ ሰው እጅ ይገባል። ያን ጊዜ ዳኛው በሁለት ጕዳት መካከል ይቆማል፤ ቤቱን ቢያፈርስ ቤተ ሰብ ይበተናል፥ ቤቱን ቢተው መንደር ውኃ ያጣል። ወደዚህ መከራ ያደረሰው ዳኛው አይደለም፥ ብዙ ጊዜም ሠሪው ብቻ አይደለም፤ ችካሉን አይቶ ያለፈው ሹም ነው። ሳይቃጠል በቅጠል የተባለው ለእንዲህ ያለው ነገር ነው።

የኢትዮጵያ ሕግ የሚለው

ይህ ትምህርት ለኢትዮጵያ ሹማምንት ባዕድ አይደለም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፥ ከቍጥር 1444 ጀምሮ ለሕዝብ መገልገያ ስለ ኾነ የመንግሥት ሀብት ይደነግጋል። እንዲህ ያለው ሀብት ከሕዝብ አገልግሎት መውጣቱ በሥርዐት ካልታወጀ በቀር እንዳይሸጥ፥ ረዥም ዘመን በመያዝም ለማንም የግል ሀብት እንዳይኾን ይከለክላል። እንግዲህ ከዐሥር ዓመት በላይ ተቀምጬበታለሁ የሚል መልስ ስለ ግል መሬት ሲባል ምንም ቢያከራክር፥ ስለ ሕዝብ መንገድና ስለ ሕዝብ ውኃ ሲባል የሚጸና አይደለም።

ያው ሕግ በቍጥር 1178ና በቍጥር 1179 ስለ ዝምታ የሚያስተምረው ነገር አለ። አንድ ሰው ባለመሬቱ እየተቃወመው በሰው መሬት ላይ ቤት ቢሠራ በቤቱ ላይ መብት የለውም። ባለመሬቱ ሳይቃወመው ቢሠራ ግን ሠሪው የቤቱ ባለቤት ይኾናል፤ ባለመሬቱም ሊያስወጣው ቢፈልግ ካሣ ሊከፍለው ይገባል። ይህ ቃል የተጻፈው ስለ ሰውና ስለ ሰው ክርክር ነው። ነገር ግን በጊዜው መቃወምና ዝም ማለት በሕግ ዐይን ምን ያህል እንደሚራራቁ ያሳያል። ለግል መሬቱ ዝም ያለ ሰው የሚጐዳው ራሱን ነው፤ ለሕዝብ መሬት ዝም ያለ ሹም ግን የሚጐዳው ያመኑትን ሰዎች ነው።

በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት በ40ኛው አንቀጽ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መኾኑን፥ እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ይናገራል። በዚያው አንቀጽ አርሶ አደር መሬት በነጻ የማግኘትና ከመሬቱ ያለመነቀል መብት፥ ከብት አርቢውም የግጦሽ መሬት በነጻ የማግኘትና ያለመፈናቀል መብት እንዳላቸው ተጽፏል። ስለዚህ በግጦሹ ላይ ያለ ፈቃድ የተተከለ ቤት የመንግሥትን ደንብ ብቻ የሚያፈርስ አይደለም፤ የከብት አርቢውንም መብት የሚነካ ነው።

ለሹማምንትና ለባለይዞታዎች የሚሰጥ ምክር

1ኛ፤ የሕዝቡ መሬት ይመዝገብ። በየቀበሌው ያለው ኵሬ፥ ምንጭ፥ ግጦሽ፥ አውድማ፥ መቃብርና መንገድ በስሙ፥ በስፋቱና በአዋሳኙ ይጻፍ። የሮሃር ጃጊር መንደር ለመርታት ዋና መሣሪያ የኾነው፥ በመዝገብ ኵሬ ተብሎ የተጻፈው ቃል ነው።

2ኛ፤ ወሰኑ በምድር ላይ ይታይ። መዝገብ በሣጥን ውስጥ ነው፥ እረኛ ግን መዝገብ አያነብም። የድንጋይ ምልክት ይተከል፥ ሽማግሌዎችም በተገኙበት በየዓመቱ ይጐብኝ።

3ኛ፤ ጭምጭምታ በተሰማበት ቀን ሹሙ ራሱ ይሂድ። የተደፋውን አፈር፥ የተተከለውን ችካልና የሠሪውን ስም ቀን ጽፎበት ይመዝግብ፤ ሥራው እንዲቆም የጽሑፍ ማስታወቂያ ይስጥ፥ ለመቀበሉም ምስክር ይያዝ።

4ኛ፤ ሠሪው ይሰማ። መዝገቡ ተሳስቶ እንደ ኾነ፥ ወይም ሰውዬው ከሌላ ሹም ፈቃድ ተቀብሎ እንደ ኾነ የሚታወቀው ሲሰማ ብቻ ነው። መሬት የሌለው ድኻ ኾኖ ከተገኘም፥ ጕዳዩ በሕግ ሌላ ስፍራ የሚያገኝበት መንገድ ይፈለግለት፤ ኵሬው ግን ምጽዋት አይደረግ።

5ኛ፤ ውሳኔው ቀን የተቈረጠለት ይኹን። ቀን የሌለው ትእዛዝ ምክር ነው። ቀኑም በክረምት ወይም በአዝመራ መሰብሰቢያ ላይ እንዳይውል ይታሰብ፤ ሰውዬውም እንጨቱንና ቈርቈሮውን ይዞ እንዲሄድ ይፈቀድለት።

6ኛ፤ በመውጣት ፈንታ ገንዘብ አይቀበል። ለጠፋው ጥፋት መቀጫ ይከፈል ቢባል እንኳ፥ መቀጫው መሬቱን የሚያስቀር አይኹን።

7ኛ፤ መሬቱ ወደ አገልግሎቱ ይመለስ። አፈሩ ይዛቅ፥ ውኃው ይመለስ፥ ከብቱ ይግባ፥ መንገዱ ይረገጥ። ሕዝብ የሚገለገልበት መሬት ራሱን ይጠብቃል፤ ባዶውን የተተወ መሬት ግን ሌላ ሠሪ ይጠራል።

8ኛ፤ ሕጉ ከትልቁ ይዠምር። ብዙ ይዞታ ያለው ሰው ዐጥሩን ወደ ግጦሹ ገፍቶ ሳይነካ፥ ጐጆ የቀለሰው ብቻ ቢፈርስበት ሕዝብ ፍርድ ተፈረደ አይልም፤ ጕልበት ታየ ይላል። ስለዚህ ባለይዞታዎችም ሹም እስኪያዛቸው ሳይጠብቁ፥ በጋራው መሬት ላይ የገፉት ዐጥር ቢኖር ራሳቸው ቢያነሡ፥ ለጐረቤቶቻቸው ምሳሌ ይኾናሉ፥ ክብራቸውንም ያጸናሉ።

የሮሃር ጃጊር ነገር ከኮሌክተሩ ውሳኔ እስከ መጨረሻው ፍርድ ከ5 ዓመት በላይ ፈጅቷል። በዚህ ዘመን ኹሉ የመንደሩ ከብት መጠማቱን አላቆመም፥ ዝናሙም መውረዱን አላቆመም። ፍርዱ መልካም ፍርድ ነው፤ ነገር ግን ከመልካም ፍርድ የሚበልጥ፥ ያን ፍርድ የማያስፈልግ የሚያደርግ ሹም ነው። እርሱም አፈሩ በተደፋበት ማለዳ ማስታወቂያውን ጽፎ የሚገኘው ነው።